ደሴ ለነገ

አንዱ የገመድ ጫፍ ከኔ መዳፍ አለ፣
ሌላው ካንተ ወገብ፣ ጦይብ፣ ተንጠለጠለ፤
በመካከላችን ስልሳ ሜትር ውሃ፣
ከላይ አረንጓዴ፣ ከታች ጥቁር በረሃ።

አንድ ሳብ፦ ‹ደህና ነኝ።› ሁለት፦ ‹ገመድ ልቀቂ።›
ሦስት፦ ‹እየወጣሁ ነው፣ ሻዩን አሙቂ።›
አራትም አለበት። ፍቺውን ከተማርን፣
ስሙን ላለመጥራት ተማምለን ቀረን።

ጠዋት በሣሩ ላይ፣ ገና ሲነጋጋ፣
መንታ ሲሊንደሩን ጎን ለጎን ስትዘረጋ፣
ቱቦ፣ መነጽር፣ ሁለት ሰዓት፣ ሁለት ቢላ፣
(አንዱ የጠፋ እንደሁ እንዲተካው ሌላ)፣
አሥጋሪው ይማም ከታንኳው ላይ ሳቀ፦
‹ለአንዲት የሰመጠች የመለኪያ ሣጥን ነው ሰው ይህን ሁሉ የታጠቀ?›

አንተ ግን አየሩን እንደ ርስት ሸነሸንህ፤
‹ሲሦ ለመውረጃ፣ ሲሦ ለመመለሻ› ስትል ሰማሁህ።
‹የቀረው ሲሦስ?›
‹እሱማ የኔ አይደለም። የባልንጀራ ትንፋሽ ነው፤
የማላውቀው ነገር ከታች ቢጠብቀኝ የምከፍለው።›
ይማም ሳቁን ተወ። ሲሦ ምን እንደሆነ አያቱ ነግረውት ነበር፤
በሲሦ አርሶ፣ በሲሦ ተካፍሎ ያደረ አገር።

ሰንጠረዡን የጻፉት ከጨው ባሕር ጠርዝ ቆመው፤
ሐይቅ ግን ራሱ ተራራ ላይ የተኛ ውሃ ነው።
አየራችን ስስ ነውና፣ ይዤ እርሳስ
ሌሊቱን አነጋሁ ስጽፍ፣ ስደመስስ፤
ስልሳው ሰባ አምስት ሆነ።

ናይትሮጅን ሳያንኳኳ ደም ውስጥ የገባ እንግዳ ነው፣
ቀስ ብለው ካልሸኙት ቤት የሚያፈርሰው።
የአምቦ ውሃ ጠርሙስ ክዳኑ ባንዴ ሲነሳ፣
አይተሃል አረፋው እየፎከረ ሲያገሳ?
ጉልበት ውስጥ እንዲያ ነው። አከርካሪ ውስጥ እንዲያ ነው።

ሦስት ሳብ!
ሃያ አንድ ላይ ቁም። ሁለት ደቂቃ።
አሥራ ሁለት ላይ ቁም። አረፋህ ከታንኳዬ ጎን ይፈነዳል።
ዘጠኝ ላይ ስትደርስ
ኪሴ ውስጥ ስልክህ ጮኸ።
እህትህ ሩቅያ ናት፣ ከደሴ፦
‹ወለደች! ሴት ናት! ንገሪው!›

በምን ልንገርህ?
ለዚህ የሚሆን ሳብ አላስተማሩንም።
አምስቴ ብስበው አደጋ ይመስልሃል፣
ወይ ደግሞ ገብቶህ፣
እንደ ተለቀቀ ፊኛ ሽቅብ ትበራለህ።
እና ዝም አልኩ።
ስድስት ሜትር ላይ፣ አርባ አንድ ደቂቃ፣
አባት መሆንህን ያላወቅህ አንተ ብቻ፣
ከእግሬ ስር።
እሷ ከውሃዋ ወጣች፣ እትብቷ ተቆርጦ፤
አባቷ ገና ከውሃ፣ በገመድ ተቀምጦ።

ስትወጣ ነገርኩህ። የመነጽሩ ቀለበት ፊትህ ላይ እንደ ማኅተም፤
ሳቅህ፣ አለቀስህ፣ ሣጥኑን የት እንዳኖርክ እንኳ አላስታወስክም።
‹ቁልፉን አምጪ! ደሴ እኮ ሠላሳ ኪሎ ሜትር ነው።›

ሠላሳው ለጎማ ነው፣ ጦይብ፤ ላንተ ደም ግን ሽቅብ ነው።
መንገዱ በወጣ ቁጥር አየሩ እየሳሳ፣
የተኛውን እንግዳ ዳገቱ ሲያስነሳ፣
ጦሳ ስር ማን ይይዝሃል? ማን ገመድ ይስብልሃል?
የመጨረሻው ማረፊያ ስድስት ሜትር አይደለም፤ ይህቺ ሣር ናት።
ቁልፉ መቀነቴ ውስጥ ነው። ተሳደብ። ሃያ አራት ሰዓት።

ተሳደብህም።
ኋላ ግን ስልኩን ከጆሮህ አስጠግተህ ቁጭ አልክ፤
ትሰማት ጀመር፣
አየሩን ሲሦ ሳትከፍል
ባንዴ ስባ፣ ባንዴ አውጥታ፣ ስትጮኽ።

ከማዶ ፀሐይ ጠለቀች፣
ማንም ገመድ ሳይዝላት።
እኔም ከደብተሬ ላይ፣ በዚያው እርሳስ፦
‹ሣጥኑ ወጣ። ጠላቂው ደህና። ደሴ ለነገ።›