ዓይን ያለው ሽጉጥ

ግሽ ዓባይ ሰፈር፣ ከፎቶ ቤቱ ጀርባ፣
የቆርቆሮ በሩን ገፍተን ስንገባ፣
አንድ ማሽን ነበር፣ ቁመቱ ቁምሳጥን፣
ስሙኒ እየዋጠ ዳክዬ የሚበትን።

ጌታው ሽባባው ነው፤ ቴሌቪዥን ጠጋኝ።
አንድ ቀን ሽጉጡን ፈታትቶ አሳየኝ።
ጥይት የለው ባሩድ፤ አፈሙዙ ውስጥ ግን
ምስር የምታህል የመስታወት ብሌን።
«ስማ የኔ ልጅ፣
ይህ ዕቃ አይተኩስም፤ የሚያይ ነው እንጅ።
ምላጩን ስትስብ ስክሪኑ ይጨልማል፣
ዳክዬዋ ያለችበት ብቻ ብልጭ ይላል፤
ያችን ብልጭታ ካየ፣ ተመታች።
ካላየ፣ አመለጠች።»

ከሁላችን ተኳሽ ይታያል ነበረ፣
ከጣና ገበያ፣ ዘንቢል አድርሶ፣ ስሙኒ ጨብጦ እየበረረ።
አንደኛ ሲወጣ «ስም ጻፍ» አለው ማሽኑ፤
ሦስት የፈረንጅ ፊደል ብቻ ነበር መጠኑ።
ዋይ፣ ቲ፣ ኤል ብሎ ስሙን አሳጠረው፤
ከዚያ ወዲያ ማንም አልደፈረው።

መንገድ ሲሰፋ ቤቱ ፈረሰ፤ ሣጥኑ ማገዶ ሆነ፤
ሽባባው ሰሌዳውን ብቻ በፌስታል ጠቅልሎ አዳነ።
ስንት ዓመት አሳድሮ፣ ባትሪው ሊሞት ሲል አመጣልኝ፤
«ኮምፒውተርህ ውስጥ ይደር፤ ገልብጥልኝ።»
ቺፖቹን በየተራ ነቅዬ አነበብሁ፤
ነጥቡ ያለባትን ግን ከነባትሪዋ፣ ትንፋሼን ውጬ፣
እንደ ደሴት ጸሐፊ፣ አንዲት ነቁጥ ሳላዛንፍ ገለበጥሁ።

ማሽኑን መስሎ የሚያድር ፕሮግራም ጫንሁ፤ ዳክዬዎቹ ተነሡ።
ሽጉጡ ግን ታወረ። ጠፍጣፋው ስክሪን አዲሱ
እንደ ድሮው ቴሌቪዥን መስመር በመስመር አይጽፍም፣
የድሮ ዓይን የሚያውቀውን ብልጭታ አያሳይም።
ከተሰበሩ ሪሞቶች ትንንሽ አምፖል ነቀልን፣
በስክሪኑ አራት ማዕዘን በፕላስተር ለጠፍን፤
ሰው አያየውም ብርሃኑን። ለሽጉጡም አዲስ ብሌን ተከልን።

አንድ ሌሊት ከከተማው ዳር እውነተኛው ተንጣጣ፤
የኔውን ድምፁን ዘጋሁት። እስኪነጋ ሰው አልወጣ።
ይሄኛው መሣሪያ በዝምታ፣ ጠረጴዛዬ ላይ፣
ግድግዳውን፣ ወንበሩን፣ እኔን ሲያይ፣ ሲያይ።

ነጋ። ጣና ጭጋጉን አልገፈፈም። ሽባባው በባጃጅ መጣ።
ተጫወትሁ፤ ይታያልን ልበልጠው
አንዲት ዳክዬ ቀረችኝ።
አፈሙዙን ወደ መስኮቱ፣ ወደ ሐይቁ መለስሁ፤
ከስክሪን ውጭ መተኮስ ማጉረስ ነው፤ አጎረስሁ፣ አጎረስሁ፣
በረረች።

የስሙ ዝርዝር ወጣ።
ሽባባው ሞራ የዋጠው ዓይኑን ወደ ብርሃኑ አስጠግቶ፣
«ይታያል?» አለኝ፣ ጣቱን በግምት ዘርግቶ።

«ይታያል» አልሁት።