ሦስት ተዘሏል

ሐምሌ ነው ሞጣ ላይ፣ ቆርቆሮው ይንጣጣል፣
መብራት እንደ እንግዳ ይሄዳል ይመጣል።
ከአንሙት ፎቶ ኮፒ በኋላ በር ገብተን፣
ባዶ የወረቀት ካርቶን ላይ ተቀምጠን፣
ሐሙስ ሐሙስ ማታ ዓለም እንሠራለን፤
ባለ ሃያ ገጹን ዳይስ እንጥላለን።

ባንቺአምላክ ነርስ ናት፣ ተረኛ ካልሆነች፤
በጨዋታው ዓለም ቀስተኛ ሌባ ነች።
ይርሳው ሒሳብ መምህር፣ ድግምተኛ ማታ፤
አንሙት ባለ ጋሻ፣ ጠላት የማይረታ፤
እኔ ተራኪው ነኝ፤ ጭራቁም፣ ዳኛውም፣
በሩም፣ ባለ በሩም፣ የሚዘንበው ዝናም።

መተግበሪያው ደግሞ መዝጋቢ ጸሐፊ፣
ቁስላችንን ቆጣሪ፣ ዕጣ አሳላፊ።
ግን የሚያውቀው ሁሉ የሰው አገር ነገር፦
የበረዶ ተኩላ፣ የጥድ ጫካ፣ ባሕር።
ስለ ዓባይ ሸለቆ ብትጠይቀው ግና
«ምንም አልተገኘም» ይልሃል በትሕትና።

«የራስዎን ያስገቡ» የምትል ቁልፍ አለች፣
ከቅንብሩ ግርጌ አንገቷን የደፋች።
ሠላሳ ሌሊት ሙሉ እሷን አምኜ ጻፍሁ፤
የማውቀውን መሬት በሠንጠረዥ ከተፍሁ፦

የጮቄ ጉም፦ ጉልበት ዘጠኝ፣ ክብደት ባዶ፣
የጓድህን ስም ከአፍህ የሚያስረሳ ወስዶ።
የታንኳ ቀዛፊው፦ ዋጋው አንድ ምሥጢር፣
ሳይነግሩት የገባ ማዶ የማይሻገር።
የሌሊት ገበያ፣ ሰው የማይታይባት፣
ጥላ በቁና ሰፍረው የሚሸጡባት።
አንድ ጅብ፣ ሳይበላ ይቅርታ የሚጠይቅ፣
ከበላም በኋላ ለቅሶ የሚደርስ፣ ሳይስቅ።

ጫንሁት። ጠበቅን። ክቡ ዞረ፣ ዞረ፤
«ስሕተት፣ መስመር አርባ ሦስት» ብሎ ቀረ።
ይርሳው መነጽሩን አውልቆ ጠረገ፣
መስመሩን በጣቱ እየዳሰሰ ፈለገ።
«አየሃት?» አለኝ፣ «ጥፋተኛዋ ይች ናት፤
ሁለት ነጥብ ሆና ቆብ የደፋች በአናት።
የእኛን ነጠላ ሠረዝ ማሽን መች ያውቃታል?
የራሱን ጭረት ነው፣ ጅራታሟን ይሻል።»
አንድ ሺህ ሁለት መቶ ሠረዝ ለቀምን፣
ምስር እንደሚለቅም ሰው ጎንበስ እንዳልን።

ሁለተኛ ጫንን። አሁን ደግሞ ሌላ፦
«የቀዛፊው ወገን፣ ደግ ወይስ ክፉ? ይሞላ።»
ባንቺአምላክ ሳቀች፦ «ወንዝ የሚያሻግር ሰው
ደግነት ክፋቱ እንደ ውሃው ነው፤
ሰኔ ሌላ፣ ጥር ሌላ።»
«እንዲህ ያለ ሳጥን የለውም ይኸ ዕቃ»
አለ አንሙት፤ «መሃል ሰፋሪ በለው፣ በቃ።»

ዘጠና... ዘጠና አምስት... ከዚያ አረንጓዴ፦
«መቶ አሥራ ሁለት ገብቷል።» ዘለልሁ፣ አቤት መውደዴ!
ከሥሩ በቀጭኑ «ሦስት ተዘሏል» ይላል፤
የትኞቹ ብትል፣ መች ይናገረዋል።

አንዱን አገኘነው፣ ጅቡ ነው፤ ይቅርታው ረዝሞ
ከተፈቀደው ፊደል አልፎ፣ በር ላይ ቀርቷል ቆሞ።
ሁለተኛው ቀዛፊው፦ ወገን ስንሰጠው
ታንኳውን አዙሮ ጥሎን የወረደው።
ሦስተኛው ግን ጠፋ። ደብተሬን ገለጥሁ፣
መቶ አሥራ አምስት ብዬ በጣቴ ቆጠርሁ፤
መቶ አሥራ አራት ነው። ደገምሁ። ያው ነው።
የጻፍሁትም እኔ፣ የረሳሁት እኔው።
ይርሳው ቀስ ብሎ፦ «ጉሙስ ገብቷል?» አለኝ።
ገብቷል። ያለ ስሕተት። ትንሽ በረደኝ።

መብራት ጠፋ ያኔ፤ ታብሌቱም ተከተለ።
ሂዱ ወደ ቤት ያለ ግን አንድም ሰው የለ።
ባንቺአምላክ በጨለማ፦ «ወንዙ ዳር ደርሻለሁ፤
ቀዛፊው ባይገባም እጠራዋለሁ።»
ድምፄን አወፍሬ ከማዶ መለስሁ፦
«ዋጋዬን ታውቂያለሽ?»

ዝናቡ ጋብ አለ።

ነገረችኝ። እዚህ አልጽፈውም።
የሚሞላበት ሳጥንም የለውም።
ዳይሱ ከካርቶኑ ወርዶ ተንከባለለ፤
ስንት እንደ ወጣ እስካሁን ያየ የለ።