የሐሙስ ማታ ጠረጴዛ

ሐሙስ ሐሙስ ማታ፣ ልክ በሦስት ሰዓት፣
ግዲኒያ ከተማ፣ አራተኛ ፎቅ ላይ፣ በወጥ ቤቴ መስኮት
የባሕሩ ነፋስ ሲያፏጭ፣ ኮምፒውተሬን ከፍቼ፣
የምሥጢር ቃሏን ለሦስቱ ልኬ፣ ሻዬን ቀድቼ፣
ጠረጴዛ እዘረጋለሁ፤ እግር የሌለው ጠረጴዛ፣
ጨርቅ የማይሻ፣ ጥግ የማይዝ፣ ቢራ ቢፈስ የማይወዛ።

ዜኖን ከቭሮትስዋፍ ይገባል፤ የጥርስ ሐኪም ነው፤
ቀኑን ሙሉ የሰው አፍ ሲያይ ውሎ፣ ማታ ቃል የሚቸግረው።
ማልጎሻ ትኬት ስትበሳ ውላ፣
በሽቼቺን ባቡር ጣቢያ፣ ጫማዋን አውልቃ፣ እግሯን ወንበር ላይ ሰቅላ፣
«አለሁ፣ አለሁ» ትላለች፤ ድምፅዋ ይሄዳል ይመጣል፣
ምስሏ ግን አፉን እንደከፈተ ይደርቃል።
ሌሼክ ደግሞ ከቶሩን፣ ሚስቱ እንዳትነቃበት፣ በሹክሹክታ
ይፎክራል። ሰው በሹክሹክታ ሲፎክር ያልሰማ ይምጣ፣ ሐሙስ ማታ።

ሕጉን ያወጣሁ እኔ ነኝ። መደቡ ከመቶ ዝሎቲ አይዘልም፤
ብድር የለም፤ ከጀርባ መመካከር የለም፤
የሚበውዘው ማሽኑ ነው፤ እጅ የለው፣ ጣት የለው፣ አያጭበረብርም።

የካቲት ላይ የመርከብ ፋብሪካው ክሬኔን ሸጠ።
ከክሬኑ ጋር እኔም ወረድኩ። ለማንም ትንፍሽ አላልኩ፤
ለሌሼክ ብቻ፣ አንድ ቀን፣ ከአፌ አመለጠ።
«እርሳው» አልኩት።
«ረሳሁት» አለኝ።

ከዚያ ወዲህ ነው ዕድል የቤቴን ደረጃ የለመደች፣
አራት ፎቅ ወጥታ፣ ሳትደክም፣ ሐሙስ ሐሙስ የመጣች።
አንዱን ሐሙስ ሦስት መቶ፤ በሚቀጥለው ሁለት መቶ ስልሳ፤
የመብራቱ ሒሳብ ተከፈለ፤ ትከሻዬ ተነሣ።
«ፊታችሁን አነባለሁ» እላቸው ነበር፣ በኩራት ተነፍቼ፤
ካሜራው የሚያሳየኝ የዜኖንን ግማሽ ግንባር ነው፤ ምኑን አይቼ?
ሁለትና ሰባት ይዤ፣ ከካርታ ሁሉ የከፋ ካርታ፣
ያለኝን ሁሉ ብመድብ፣ ሦስቱም ይሸሻሉ፣ በአንድ አፍታ።
«አይ ቦግዳን! አንተ አውሬ!» ይላል ዜኖን።
እኔም እስቃለሁ፤ እንደ አውሬ።

ያለፈው ሐሙስ፣ ሁሉም ደኅና እደር ብለው ከወጡ በኋላ፣
እንቅልፍ እምቢ ቢለኝ፣ የጠረጴዛዬን ማስተካከያ ስነካካ፣
አንዲት ቁልፍ አገኘሁ፤ እስከ ዛሬ ያላየኋት ለካ፤
«የተጣሉ ካርታዎችን አሳይ» ትላለች፣
ለባለ ጠረጴዛው ብቻ። ነካኋት። አሳየች።

መጋቢት ሰባት፤ ዜኖን ሁለት አስ ይዞ ጥሏል።
መጋቢት አሥራ አራት፤ ማልጎሻ ሦስት ንጉሥ ይዛ፣ ሦስት ንጉሥ! «ባዶ ነኝ» ብላለች።
መጋቢት ሃያ አንድ፤ ሌሼክ፣ ያ ፎካሪ፣ አምስቱም ቀይ ልብ ሆኖለት
ከእኔ ሁለትና ሰባት ሸሽቷል፤ እየሸሸም ፎክሯል።

እስኪነጋ ቆጠርኩ። አርባ አንድ ጊዜ።
መጀመሪያ ጆሮዬ ጋለ፤ እፍረት። ቀጥሎ ንዴት፤
ቁማርተኛ ነኝ ስል፣ ለካ ምጽዋት ተቀባይ? ያውም በራሴ ቤት?
ሕግ ፈርሷል! ሕጉን ያወጣሁት ደግሞ እኔ ነኝ፤
የሚሰርቅ ቢሆን አባርር ነበር፤ የሚሰጥ ሌባ ግን ገና አሁን ገጠመኝ።
ሌሼክ ሲረሳ፣ ለካ እንዲህ ነው የሚረሳ፤
ካርታውን የጣለው ሁሉ፣ እኔን ሊያነሣ።

ዛሬም ሐሙስ ነው። ቃሏን ላክሁ፤ ጠረጴዛውን ዘረጋሁ፤
ያቺን ቁልፍ መልሼ ዘጋሁ።
ማልጎሻ ገና ስትገባ፣ ሳቅ እያለች፣
«ማሞቂያችን ሞተ፤ ካፖርት ለብሰን ነው የምንተኛው» አለችና ወሬ ቀየረች።

ማሽኑ አደለ። ሁለት አስ፤ አንዱ ጥቁር፣ አንዱ ቀይ።
ዜኖን ጣለ። ሌሼክ ጣለ፣ እንደ ልማዱ።
ማልጎሻ ግን፣ ረስታ ይሁን ደክሟት፣ መቶዋን በሙሉ ወደ መሐል ገፋች።
ጣቴ ቁልፉ ላይ ቆየ። ነፋሱ መስኮቱን መታ።
«ጣልኩ» አልኩ።

ዝም ተባለ። ሦስቱም ፊቶች፣ ለመጀመሪያ ጊዜ፣ ሙሉ ሆነው ወደ እኔ ዞሩ።
«ምን ይዘህ ነበር?» አለ ሌሼክ፣ ሹክሹክታውን ረስቶ።
«ምን እይዛለሁ» አልኩት፣ ሻዬን አንሥቼ፤
«ሁለትና ሰባት።»