የቀዝቃዛው ክፍል ቁልፍ

ከቲሳ ወንዝ ወዲህ፣ ሴጌድ ከተማ ላይ፣
ከቀይ ጡብ ሕንፃ ሥር፣ ፀሐይ በማይታይ
ምድር ቤት ውስጥ አለ አንድ ጠባብ ክፍል፣
ሐምሌም ሆነ ጥር አራት ዲግሪ የሚል።
እዚያ አገኘኋት ኤመሼ ሃላስን፣
በሱፍ ካፖርት ላይ ደርባ ነጭ ጋዋን፣
ለውዝ የምታህል የአይጥ አንጎል ይዛ
በበረዶ ሰሃን፣ ጎንበስ ብላ ተክዛ።
«ምላጩን አቀብለኝ።» ቀና እንኳ አላለች።
አቀበልኩ። ሃያ ስድስት ዓመት፣
እኔ እያቀበልኩ፣ እሷ እየተቀበለች።

ሃላስ በቋንቋቸው ዓሣ አጥማጅ ነው አሉ፤
የሷ ዓሦች ግን ወንዝ የማይውሉ፣
ከሕዋስ ቆዳ ላይ ተተክለው ያሉ፤
ተቀባይ ይሏቸዋል፤ ደጅ የሚጠብቁ፣
የየራሳቸውን እንግዳ የሚያውቁ፤
ሌላው ቢያንኳኳ፣ ቢያድርም ከአጥሩ፣
የራሱ ሲመጣ ብርግድ ይላል በሩ።
እሷ የምትፈልገው አንዱን ነው፤ ያንን በር
የሕመም ማብረጃ ገብቶበት የሚያድር።

መልእክተኛው ሲመጣ ከምዕራብ ነው ቤቱ፣
ከእርሳስ ጣሳ ውስጥ፣ ጨረር ነው ጉልበቱ፤
ስድሳ ቀን ሲሞላው ግማሹን ይከዳል።
ጉምሩክ «ማህተም የለም»፣ «አለቃው ወጥቷል»፣
«ነገ ተመለሱ» ይላል።
ኤመሼ በባቡር ቡዳፔስት ሄደች፣
ከዘበኛው ሳጥን ፊት ሦስት ቀን ደጅ ጠናች፤
ግማሽ ብርሃን ይዛ በሌሊት ተመለሰች።
«ግማሽም ያበራል» አለችኝ፣
«ሌሊቱን ከጨመርንበት።»

ጨመርንበት።
ቆጣሪው ጠቅ፣ ጠቅ እያለ ወረቀት ሲተፋ፣
እኔ ቁጥር ስጠራ፣ እሷ ነጥብ ስትለጥፍ፣
መስመሩ ዳገት ወጣ፤ ወጣ፤ ወጣና
እንደ አምባ ራስ ለጥ አለ፣ እዚያው ጸና።
ሞላ ማለት ነው፤ ተይዟል በሩ ሁሉ።
ያኔ ነው ጥርሷን ያየሁት።

በሦስተኛው ሳምንት መጽሔት ከባዝል መጣ፤
ያው አምባ፣ ያው ቁጥር፣ በሌላ ሰው ስም።
በአሥራ አንድ ቀን ቀድመውናል።
እኔ ወንበር ረገጥኩ።
እሷ ገጹን ቀደደች፣ በፕላስተር ለጠፈችው ከክፍሉ በር ላይ፣
«ትክክል ነበርን ማለት ነዋ!» ብላ።

ከዚያ ወዲያ የያዘችው ማንም ያልተሻማው ጥያቄ ነው፦
እንግዳ ሲበዛበት ተቀባይ ምን ይሆናል? ሲያጣስ?
ሲበዛበት ይሸሻል፣
በሩን ነቅሎ ተሸክሞ ወደ ጓዳው ይገባል።
ሲያጣ ደግሞ (ይህን ለማወቅ ዘጠኝ ዓመት፣
አንድ ትዳር፣ የማላስታውሰው ያህል ምላጭ)
ሲያጣ፣ በር ያበዛል።
የተራበ ሕዋስ ግድግዳው እስኪያልቅ በር ይከፍታል።
ይህን ስትነግረኝ ትንፋሿ በብርዱ ይጨስ ነበር።

አንድ ቀን ስለ ቋንቋዬ ጠየቀችኝ።
እኛ ዘንድ፣ አልኳት፣ ሐሳብ የልብ ነው፣ «ልብ በል» እንላለን፤
ኀዘን የሆድ ነው፤ ርኅራኄ የአንጀት፤
አንጎል ስሙ የሚነሳው ናላ ሲዞር ብቻ ነው።
ትስቃለች ስል ብዕር አወጣች።
«አንጀት?» አለች፣ «አንጀትስ ላይ አሉ፣
ይኸው ተቀባይ፣ ይኸው ራሱ።
ማን ነገራችሁ?»
ማን እንደነገረን አላውቅም።

ሽልማቱ በስልሳ ሦስት ዓመቷ ደረሰ።
አዳራሹ ቆሞ አጨበጨበ፣ አላቆመም፤
ዘወር ስል መድረኩ ባዶ ነው።
በጓሮ በር ወጥታ ከዘፍዘፍ ዛፍ ሥር
ጫማዋን አውልቃ ወንዙን ስታይ አገኘኋት።

የጡረታዋ ቀን ቁልፉን ልትመልስ ወረደች።
ቤንሴ የሚባል ልጅ፣ አዲሱ ዘበኛ፣
መዝገቡን አገላብጦ፣ «ዶክተር» አላት፣
«በሩ እኮ በካርድ ሆኗል፣ አራት ዓመት አለፈው።
ይሄ ቁልፍ የሚገባበት ቀዳዳ የለም።»
እሷ ታዲያ ለካ በየጠዋቱ
ሌሎች ሲከፍቱ ተከትላ ነበር የምትገባው።
ቁልፉን በጣቷ አዟዟረችው፣ ጥርሱን በአውራ ጣቷ ዳሰሰች።
ከዚያ ወደ እኔ ዞረች።
«እንካ» አለችኝ።

ሃያ ስድስት ዓመት ሳቀብል የኖርኩ ሰው፣
እጄን እንዴት እንደምዘረጋ ጠፋኝ።