የአፍንጫዬ ደመወዝ

ትሪየስቴ ከተማ፣ ከወደቡ በላይ፣ አራተኛ ፎቅ፣
ቦራ የሚሉት ነፋስ በመስኮት በበሩ ሲሳለቅ፣
ሰማንያ ስምንት ዓመት የደፈነ ሽማግሌ አለ፣
አፍንጫው ቦታው ላይ፣ ማሽተቱ ግን ጥሎት የኮበለለ።

ሲኞር ዱይሊዮ። ድሮ በዓሣ ገበያ ተቆጣጣሪ ነበር፤
ጎህ ሳይቀድ፣ በነጭ ካፖርት፣ ከሣጥን ሣጥን ሲዞር፣
ስንጥቡን ገለጥ፣ ዓይኑን አየት፣ ጠጋ ብሎ ማሽተት፣
«ይሄ ይሸጥ፤ ያ ይጣል» በቃ፣ ያለ ሙግት።

ልጁ ስትቀጥረኝ ስለ ክኒኑ ነበር የነገረችኝ፣
ስለ ደም ግፊቱ፤ ስለ ፍሪጁ ግን አላስጠነቀቀችኝ።
ከፍቼ ዘጋሁት። ደግሜ ከፈትኩት፣ ትንፋሼን አምቄ፣
ሙቅ ውሃ በባልዲ፣ ሆምጣጤ ጠብ አርጌ፣ ጓንቴን አጥልቄ።

ዓሣ ጎርጓሪ ዘንዶ ያወጣል ያሉት ደረሰ፤
ከካም ሥር ሌላ ካም፣ ከአይብ ጀርባ አይብ፣ ጠጉር የለበሰ፣
ጥሬ ዶሮ ከላይ፣ ሰላጣው ከታች፣ ደሙ ጠብ ጠብ እያለ፤
ምስኪን ሰላጣ! ጎረቤቱን መርጦ አልገባ፣ ምን በደለ?

እሱ ምርኩዙን ተደግፎ ከበሩ ላይ ያየኛል፤
ዘርፌሽዋል ማለት ከብዶት፣ «ዜርፌ» ይለኛል።
«ዜርፌ፣ ያ ይሸታል?» «ይሸታል።» «በጣም?» «በጣም።»
«እንግዲያው ይጣል» ይላል፣ ቃሉን ሁለቴ አይደግም።
ድምፁ የድሮውን ነጭ ካፖርት መልሶ ለብሶ፣
ሥራው ተመለሰለት፣ አፍንጫው እኔ ፊት ላይ በቅሎ፣ ታድሶ።

ዶሮው ወደ ታች ወረደ፣ ክዳን ተደፋበት፤
መክተፊያም ሁለት ሆነ፣ ቀይ ለሥጋ፣ አረንጓዴ ለአታክልት።
«ዶሮ አይታጠብም» ሲለኝ ግን፣ እኔ? ዶሮን ሳላጥብ?
አሥራ ሁለት ብልት በሎሚ፣ በጨው ሳላሽ ወጥ የማላስብ!
«ውሃው ይረጫል፤ ሲኒው ላይ፣ እጅጌሽ ላይ ያርፋል፤
ዶሮን የሚያጥበው እሳት ነው» ይላል።

ሦስት ቀን ተኳረፍን። በአራተኛው የቀይ ሥር ጭማቂ ቀብቶ
ዶሮውን ሲንክ ውስጥ አኖረ፤ ቧንቧ ከፈተ፣ «እዪ» አለኝ ጠርቶ።
ቀይ ነጥብ በሹካው፣ ቀይ ነጥብ በዳቦው፣ በግድግዳው ሰዓት፤
አንዲት ደግሞ አንገቴ ላይ፣ ማተቤ ክር ጫፍ፣ ጤዛ መስላ አገኘኋት።

ተረታሁ። እናቴ ግን እንዳትሰማ።

አንድ ነገር ቀረ። ከፍሪጁ ጥግ፣ አፈ ሰፊ ጠርሙስ ተቀብሮ፣
በእርሳስ የተጻፈ ወረቀት አንገቱ ላይ በክር ታስሮ፦
«ሰርዲን። ለዱይሊዮ።» ቀን የለውም። የሚስቱ የእጅ ጽሑፍ።
ኔሪና ከሞተች፣ ወደቡ ላይ ሁለተኛው ብርድ ሊያልፍ።

ሁሉን ስጥል ይህን አልፌዋለሁ፣ እጄ እምቢ ብሎኝ።
ክዳኑ አብጧል። ምን ማለት እንደሆነ አውቃለሁ፣ ማንም ሳይነግረኝ።
«ያስ?» አለ ዛሬ፣ በምርኩዙ ጫፍ ወደ ጥጉ አመለከተ፤
«ያስ ይሸታል?» ጠርሙሱ እንደሆን ገና አልተከፈተ።
ልዋሽ ይሆን? «ሽንኩርት፣ ሆምጣጤ፣ የእሷ እጅ» ልበለው?
የዓሣ ግማቱ ካናቱ፤ የውሸትም ከመጀመሪያው ቃል ነው።

«ክዳኑ ተነፍቷል» አልኩት። ዝም አለ። ሰዓቱ ብቻ ተናገረ።
(ቀዩ ነጥብ አሁንም አለበት፣ ስወለውል አምልጦኝ የቀረ።)
ከዚያ እጁን ታጠበ፣ በሳሙና፣ ቀስ ብሎ፣ በጣቶቹ መሐል፤
«ሳትከፍቺው» አለ በገበያው ድምፅ፣ «በሁለት ከረጢት፤ ይጣል።»

ጣልኩት። አራት ፎቅ ወርጄ፣ ነፋሱ ከእጄ ሊነጥቀኝ ሲታገል።
ስመለስ ጠረጴዛው ተወልውሏል፤ እርሳስ ይዞ ያጎነብሳል።
ለካ ክሩን ፈትቶ አስቀርቶት ኖሯል ወረቀቱን፤
አልሳመው፣ አላቀፈው፤ ገልብጦ ጻፈበት ጀርባውን፦
«ሰርዲን፣ ግማሽ ኪሎ። ዓይኑን እዪ። ስንጥቡን ግለጪ።
ጠጋ ብለሽ አሽትቺልኝ። ከተጠራጠርሽ፣ ትተሽ ውጪ።»