የሸምሲያ አምባር

ከአወይቱ ድልድይ ዝቅ ብሎ፣ ከጎማ ጠጋኙ ጎን፣
"አንተ ማነህ?" ብለን የምንጠይቅበት ቤት አለን፤
ሰውን አይደለም፣ ብረትን።

የመኪና ዘንግ ስባሪ፣ የቡና መፈልፈያ ጥርስ፣
ስሙን ረስቶ የዛገ፣ በኬሻ ታስሮ ሲደርስ፣
ሁለት ጫፍ አቀራርቤ፣ የጥፍር ክፍተት ትቼ፣
በእሳት እመረምረዋለሁ፣ ቅስቱን አብርቼ።

መሣሪያው የሩስያ ነው፣ ለትራክተር ጥገና የመጣ።
ጋሽ ልሳነወርቅ ቁልፉን ሲሰጡኝ፣ ጡረታቸው ሲወጣ፣
"ቀለሙን አትመን" አሉኝ፣ "ቀለም ለሁሉም ይስቃል፤
መስመሩ የቆመበትን ቦታ ያየ ብቻ ያውቃል።"

ያለ መስታወቱ ነጭ ነው፣ ዓይን የሚያጠፋ ነጭ።
በመስታወቱ ግን ይተረተራል፤
ከቀይ እስከ ወይን ጠጅ እንደ መቀነት ይዘረጋል።
(እናቴ ሰማይ ላይ ሲወጣ የማርያም መቀነት ትለዋለች፤
የጎረቤቴ የነዚፍ እናት ሰበታ ዋቃ።
የማን እንደሆነ እንጂ፣ መቀነትነቱ ላይ ተስማምተን አደግን።)

በዚያ መቀነት ላይ ነው ማዕድን ሁሉ የሚፈርመው።
መዳብ ሦስት አረንጓዴ፤
ዚንክ ሦስት ሰማያዊ፣ አንድ ቀይ ራቅ ብሎ የቆመ፤
ተራው ብረት ለፍላፊ ነው፣ መስመር በመስመር ላይ የከመረ፣
ዓይኔ ጆሮ ቢሆን ኖሮ ገና ድሮ በደነቆረ።

ሐሙስ ነበር፣ የገበያ ቀን፤ ዝናብ ቆርቆሮውን ሲደበድብ
ሸምሲያ ገባች፣ ፊቷን በሻሿ ሸፍና እንዳይነበብ።
አምባር ከክንዷ አወለቀች። "የእናቴ ነው። አርባዋ አለፈ።
ወንድሜ ብር ነው ይላል፤ ብር ከሆነ ይመዘናል፣ ይሸጣል፣ እንካፈላለን፤
ካልሆነ የእኔ ነው ተባለ።"
እናቷ ዕድሜ ልኳን ብር ብላ ያሰረችው ብር እንዳይሆን እየለመነች
ጠረጴዛዬን ተደግፋ ቆመች።

ደንቡ መጀመሪያ መሞረድ ነው፣ ገጹ ላይ ያለው እድፍ ይሂድ።
ሞረዱን ሳነሳ እጄን ያዘች፦ "አይ፣ እሱን አትንካብኝ በሞረድ።"

ለኮስኩት።
መዳብ መጣ፣ ሦስቱም። ዚንክ መጣ።
ብር በሚቆምበት ቦታ አንድ አረንጓዴ ቆሞ ደነገጥኩ፤
ማስተካከያውን አዙሬ ሳጠራው ኒኬል ነው፣ የፀጉር ስፋት የራቀ፣
ጎረቤቱ ሆኖ በስሙ ስንት ዘመን የደመቀ።
ብር የለም።

"እስቲ ልይ" አለች። አጎንብሳ አየች፤ ብዙ ቆየች።
"ይሄ ቢጫውስ? መንታው?"
"ጨው ነው" አልኳት። "ያልተሞረደ ነገር ላይ አይጠፋም፤ የላብ ጨው፣
የእጅ።"
"የማን እጅ?"

እሱን መስመር አይነግርም።

ወረቀት ጠየቀች፣ ለወንድሟ። ጻፍኩ፣ ማኅተም መታሁ፦
መዳብ። ዚንክ። ኒኬል። ብር፦ የለም።
ጨው ቅጹ ላይ ቦታ የለውም።
ብር ላጣሁበት አምባር ሃምሳ ብር ተቀበልኩ፤
እሷም እሳቱ የበላውን፣ ምስር የምታህል ጥቁር ነጥብ፣
ወደ ውስጥ አዙራ አጠለቀችው።

ማታ ካርቦኑን ለውጬ ባዶውን አበራሁት።
ቢጫዎቹ እዚያው ናቸው፣ ሁለት፣ ጎን ለጎን፤
የእሷ ይሁን፣ የእናቷ፣ ወይ ካርቦኑን የለወጥኩበት የራሴ፣
እንጃ። አጠፋሁና
እጄን ሳልታጠብ ወደ ቤቴ ሄድኩ።