ነክታኛለች

ቲሳ ወንዝ ዳር፣ ሴገድ፣ በርበሬ በየሰገነቱ በሚሰጣበት ከተማ፣
ቅዳሜ ማታ፣ አዳራሹ ሞልቶ፣ የጫማ ሲጢጥታ እየተሰማ፣
እኔ ከጥጉ ነኝ፤ መበየጃ፣ ጉጠት፣ የሽቦ ጥቅል ይዤ፣
የሰው ሻሞላ ስጠግን ዘጠኝ ዓመት ኖርኩ ደንዝዤ።

ሥራዬ ቀላል ነው፤
ከብረቱ ጫፍ እስከ እጀታው ቀጭን ሽቦ አሳልፋለሁ፣
ጫፉ ገላ ሲነካ መብራት እንዲበራ አደርጋለሁ።
ከበራ ነጥብ ነው፤ ካልበራ ማንም ማንንም አልነካ፤
የዚህ አዳራሽ እውነት በሁለት አምፖል ነው የሚለካ።

አሥራ አራት ለአሥራ አራት።
ኢልዲኮ ከወዲህ፣ ከወዲያ የፖዝናኗ ቦዠና፣
አንዲት ነጥብ ቀረች፤ ሕዝቡ ትንፋሹን ውጦ ቀና።
ያለፈች ወርኃዊ ደመወዝ አላት፣ የሐኪም ካርድ፤
ያላለፈች ሰኞ ሌሊት ወደ ዳቦ ቤቱ ምድጃ ትውረድ።

ቦዠና ተወነጨፈች፤ ዝቅ ብላ፣ ከጉልበት ከፍ አድርጋ፤
ብረቱ እንደ ዓሣ አጥማጅ ዘንግ ጎበጠ፣ ቀና አለ ተመልሶ።
አምፖሉ ግን ጨለማ።
ነጩ ሱሪ ላይ ምስር የምታክል ጥቁር ነጥብ ቀረች፣
ከኔና ከሁለቱ በቀር ለማንም ያልታየች።

ኢልዲኮ ጭንብሏን ገፍፋ እጇን አነሳች፤
«ነክታኛለች» አለች።
ዳኛው ትከሻውን ሰብቆ «መብራት የለም፣ ቀጥሉ» አለ፤
አሰልጣኟ ከወንበሩ ዘሎ ፎጣውን መሬት ጣለ፤
«ሕጉ ካንቺ ጋር ነው! አፍሽን ያዢ!»

ቦዠና ጫፉን ወለሉ ላይ ወጋችው፤ ዝም። ደገመች፤ ዝም።
ሌላ ሻሞላ አቀበሏት፤ ያዘችው እንጂ አላመነችውም።
ኢልዲኮ ጭንብሏን አጥልቃ ወደ መስመሩ ተመለሰች፣
ክንዷን እንደ በር ከፍታ የብረቷን ጫፍ ወደ ታች ደፋች።
በራ።
ያጨበጨበ የለም። አንድ ሕፃን አባቱን «አበቃ?» አለው።
አባትየው ካፖርቱን ፈለገ፤ ምን ብሎ ይመልስለው?

እኩለ ሌሊት ላይ ያን ሻሞላ ጠረጴዛዬ ላይ ፈታሁት፤
ሽቦው ከጫፉ ተላቋል፤ የገዛ ብየዳዬን አወቅሁት።
ጠዋት ነው፤ ቆርቆሮው ሳይረጋ፣ ሳይቀዘቅዝ ያነሳሁት፤
ዓይኔ ወዲያ ማዶ ነበር፤
የጫማዋን ክር ስታስር፣ አንገቷን ነው ያየሁት።

ዝም ብል ማን ይጠይቀኛል? ሽቦ ይበጠሳል፣ ያለ ነው።
እሷ ግን ያን «ያለ ነው» የተባለውን ነው እምቢ ያለችው።
ለዳኞቹ ጻፍኩ፤ ስሜን ከሥሩ አሰፈርኩ፤
ከዚያ ወደ ትራሙ ፌርማታ በጭቃው ላይ ሮጥኩ።

የብረቶቿን ቦርሳ እንደ ታመመ ልጅ ታቅፋ ተቀምጣለች።
ነገርኳት። ሽቦውን። ቆርቆሮውን። አንገቷን።
አልጮኸችም። የሐዲዱን ዝገት ስታይ ቆየች።
«ስንት ጊዜ?»
«ምኑ?»
«ስንት ጊዜ ነው የምታየኝ?»
«ዘጠኝ ዓመት።»
«ባሊንት» አለች፣ ድምጿ ውስጥ ቁጣም ሳቅም ሲዘራ፣
«አንተም ነክተኸኛል ማለት ነው፤ መብራቱ ነው ያልበራ።»

ሁለት ቁጥር ትራም መጣ። እሷ ገባች፤ እኔም ገባሁ፣
ቤቴ በዚያ መስመር እንዳልሆነ ድልድዩ ላይ አስታወስኩ።
አውራ ጣቴ ላይ የጠዋቱ ቃጠሎ ቀልቶ ነበር።
አየችው።
አልነካችውም፤ ገና።